እግር ያወጣው ቤት

ቤቱ ከመሬት ሲነሣ መጀመሪያ ያየሁት እግሩን ነው። ከሣር ክዳኑ ሥር ባዶ እግር፣ በረባሶ፣ የሸራ ጫማ፣ የወታደር ቡትስ ባንድ ጊዜ ብቅ አለና የእትዬ ሃጂራ ቤት ከእንቁላሏ ላይ እንደተነሣች ዶሮ ነፋ ብሎ መራመድ ጀመረ። ግድግዳው አልተከተለም። አሮጌው ጭቃ፣ ምድጃው፣ የቅቤ ቅሎች የሚቀመጡበት መደብ ሁሉ ጣራ አልባ ሆነው ፀሐይ ሲመታቸው ሳይ፣ የሰው ገበና ያየሁ ይመስል ዓይኔን ሰበር አደረግሁ።

«ቀኝ፣ ግራ፣ ቀኝ፣ ግራ» ይላል ባሌ ዳኛቸው፣ ከፊት ከፊት የኋሊት እየሄደ። ዳኛቸው ኮርያ ዘምቶ የተመለሰ ሰው ነው። ከዚያ ወዲህ ለበጉም ለእኔም የሚናገረው በሰልፍ ትእዛዝ ነው። በሰላሙ ጊዜ የእድራችን ጡሩምባ ነፊ ነበረና ያን ቀን ካፖርቱን ደርቦ፣ ጡሩምባውን በአንገቱ አንጠልጥሎ፣ ቤት የሚያዘምት አዛዥ መስሎ ነበር።

«ቀኝ ግራውን ተወውና ዝፈንላቸው» አልኩት። «ከሥሩ ያለው ነጋዴና አናጢ ነው እንጂ የክብር ዘበኛ አይደለም።»

ገላመጠኝ። ከዚያ ግን ድምፁን አወጣ፦

«አብደላ አሰረው በጠፍር በገመድ፣
ዛሬ ተነሣ ቤት ሊሄድ መንገድ።»

«ሆ!» አለ ቤቱ ከውስጥ። ሰዎቹ አይታዩም፤ ክዳኑ ነው «ሆ» የሚለው። እትዬ ሃጂራ የባላቸው ስም ሲጠራ ነጠላቸውን ወደ አፋቸው ሰበሰቡ፤ እርምጃቸውን ግን አልቀነሱም።

እኔ ብዙነሽ እባላለሁ። ከእትዬ ሃጂራ ጋር አጥራችን አንድ ነው፤ በዶሮና በልጅ ተጣልተን በእድርና በበዓል የታረቅን ጎረቤታሞች ነን። አገራቸው ስልጤ ነው። ሙሽራ ሆነው ኮልፌ የገቡ ዕለት ባላቸው አብደላ ያንን ክዳን በገዛ እጁ ማገር በማገር አስሮ ጠበቃቸው። ቅቤ እየነገዱ ልጆቻቸውን ያሳደጉት እሱ ሥር ነው። አብደላ ከሞተ ወዲህ ሰው ሁሉ ቆርቆሮ አልብሱት ሲላቸው «ሣሩ ያረጃል፣ ይለወጣል፤ እስሩ ግን የሱ ነው» እያሉ ኖሩ።

የኔ ሥራ ያን ቀን ፍሙን መያዝ ነበር። ከአሮጌው ምድጃ የተጫረ ፍም፣ አመድ ለብሶ፣ በገል ላይ። እጄን እንዳያቃጥለኝ ከሥሩ ጨርቅ አጥፌ ይዤዋለሁ፤ እንዳይጠፋ ደግሞ እየቆምኩ እፍ እለዋለሁ። ልጃቸው አልፊያ አዘነችልኝ መሰለኝ ጠጋ አለች።

«እትዬ ብዙነሽ፣ ክብሪት እኮ በየሱቁ ሞልቷል። ለምን ይቃጠላሉ?»

«ክብሪትማ የማንም እሳት ነው» አልኳት። «ይሄ እናትሽ ከአያትሽ ምድጃ ተቀብለውት፣ በየማታው አዳፍነውት፣ በየጠዋቱ ቀስቅሰውት የኖረ ነው። አንቺ ስትወለጂ የታጠብሽበትን ውኃ ያሞቀው ማን ይመስልሻል?»

ሳቀች። ክብሪቷን ግን ከመቀነቷ አላወጣችም፤ ልጅቷ አስተዋይ ናት።

ቤት መንገድ የወጣበት ምክንያት መንገድ ነው። የአፍሪካ መሪዎች ከተማችን መጥተው ከሄዱ ወዲህ መንገድ የማይጠረግበት ሠፈር አልነበረም። እኛም ደረሰን። ሰፊው መንገድ በእትዬ ሃጂራ ምድጃ ላይ ያልፋል ተባለ፤ ግሬደሩም ዓርብ ጠዋት ይመጣል ተባለ። አልተከፋንበትም፤ መንገድ ማን ይጠላል? ጥያቄው ቤቱ የት ይደር ነበር።

ከመንገዱ በላይ ዳገቱ ላይ የቀኛዝማች ኃይለ መስቀል ባዶ መሬት አለ። እትዬ ሃጂራ ሄደው ጠየቁ። በዚያው ሳምንት አቶ ወልደ አማኑኤልም ጠየቀ። ወልደ አማኑኤል ማለት የጭነት መኪና ያለው፣ ከኪሱ ሜትር የማይለየው፣ ቡና ቤት ልክፈት፣ ቆርቆሮ ላልብስ የሚል ሰው ነው። አንቱ ልለው ይገባ ነበር፤ ያኔ ግን ተናድጄበት ስለነበር እስከ ዛሬም አፌ እሺ አይለኝም።

ቀኛዝማች በርኖሳቸውን እንደደረቡ በረንዳቸው ላይ ተቀምጠው ሁለቱንም ሰሙ። ሽማግሌ ናቸው፤ ለነገር አይቸኩሉም።

«አባቴ መሬት ሲሰጥ ወረቀት አያውቅም ነበር» አሉ በመጨረሻ። «ጭስ ያያል። ጭስ ያለበት ሰው አለበት፣ ሰው ያለበት ባለቤት አለው። እኔም ከዚያ የተሻለ ነገር አልተማርኩም። ሐሙስ ፀሐይ ሳትጠልቅ ክዳንሽ ቆሞ ጭስ ሲወጣው ካየሁ፣ ሃጂራ፣ መሬቱ ያንቺ ነው። ካላየሁ ወልደ አማኑኤል ቆርቆሮውን ያምጣ። ሁለታችሁም እንዳታሙኝ።»

ነገሩ ይኸው ነው። ፀሐይ ከቀደመችን፣ እትዬ ሃጂራ መርካቶ ወንድማቸው ጓዳ ውስጥ ጥገኛ ሊሆኑ፣ የአብደላ እስር ደግሞ ማገዶ ሊሆን። ቀኑ ሐሙስ መሆኑ በጀን፤ የእስላምም የክርስቲያንም በዓል አልነበረም። ምሰሶውን ጎህ ሲቀድ ቀድመን ልከነዋል። የጥድ ግንድ ነው፤ የአብደላ አያት ከአገር ቤት ተሸክመውት የመጡት፣ ከዚያ ወዲህ ስንት ክዳን ያሳለፈ። ምሰሶ እንግዳ አይሆንም፣ ቀድሞ ሄዶ ቤቱን ይጠብቃል ይላሉ።

አስፋልቱ ላይ ስንደርስ ከአስኮ የሚመጣ አውቶቡስ ጥሩምባውን እያንባረቀ መጣብን። ዳኛቸው መንገዱ መሐል ቆሞ የራሱን ጡሩምባ ነፋ። በኛ አገር ያንን ጡሩምባ የማያውቅ የለም፤ ሰው ሲሞት ነው የሚነፋው። ሹፌሩ ቀጥ አደረገና ባርኔጣውን አወለቀ።

«ነፍስ ይማር። ማን አረፈ?»

«ማንም አላረፈም» አለ ዳኛቸው። «ቤት እየሄደ ነው።»

«ወዴት?»

«ወደ ቤቱ።»

ሹፌሩ ባርኔጣውን በእጁ እንደያዘ ክዳኑን ከታች እስከ ላይ አየው። ከዚያ ሞተሩን አጥፍቶ ወረደ። ተሳፋሪውም ተከተለው። ቤት ሲያልፍ ያየ ሰው ትከሻውን ሳያበድር አያልፍም፤ ይሄን ማንም አላወጀውም፣ ማንም አልሻረውም። ጥምጣም የጠመጠሙ ቄስ መስቀላቸውን ወደ ኪሳቸው ከተው ጎንበስ ብለው ገቡ። አንድ ተማሪ ክራባቱን ወደ ጀርባው ጥሎ ገባ። ሹፌሩ ራሱ በበሩ በኩል ገባና ወዲያው «እናንተ፣ ይሄ ነገር ከአውቶቡሴ ይከብዳል» ሲል ሰማሁት።

«ሃምሳ ሎሚ ለአንድ ሰው ሸክሙ፣ ለሃምሳ ሰው ጌጡ ነው» አለው አንዱ ከውስጥ።

«ታዲያ ሎሚዬ የት አለች? እኔ ዱባ ነው የደረሰኝ» አለ ሹፌሩ።

እዚያ አስፋልቱ ዳር ገሌን ታቅፌ ቆሜ ኮራሁ። ድሮ ነገሥታቱ ከተማቸውን በትከሻ ነበር የሚያዞሩት ሲሉ ሰምቻለሁ። ዛሬ አውቶቡስ አለ፣ ስልክ አለ፣ ሬዲዮ ከሩቅ አገር ያወራል። ቤትን ከቦታው አንሥቶ ሌላ ቦታ የሚያኖር መኪና ግን እስካሁን አላየሁም። የሚያነሣው ያው ትከሻ ነው፣ ያ የቅድመ አያቶቻችን።

መንገዱን እንደተሻገርን የመብራት ሽቦ ገጠመን። ባለፈው ዓመት የተዘረጋ ነው፤ በዚያ በኩል ሣር ቤት ያልፋል ብሎ ያሰበ የለም። የክዳኑ አናት ላይ ያለው ጉልላት፣ አብደላ ራሱ የደፋው ጥቁር ገንቦ፣ ከሽቦው በላይ ሆነ።

«ጉልላቱ ይውረድ፤ በኋላ ይመለሳል» አለ አንዱ።

እትዬ ሃጂራ ከኋላ መጥተው ፊታችን ቆሙ። ያን ቀን ሙሉ ድምፃቸውን ያልሰማ ሁሉ ያኔ ሰማ።

«ጉልላት የሚወርደው ቤቱ ባለቤት ሲያጣ ነው። አብደላ የሞተ ዕለትም አውርዱ ብለውኝ ነበር። እኔ አለሁ ብዬ አላወረድኩትም። ዛሬም አለሁ።»

ዳኛቸው ሽቦውን አየ፣ ጉልላቱን አየ፣ ከዚያ ካፖርቱን አስተካከለና በኮርያ ድምፁ «ክዳን ከትከሻ ወደ ክንድ አውርድ! ተንበርከክ!» አለ። ያን ሁሉ ዓመት ቤቴ ውስጥ ያበሳጨኝ ትእዛዝ ለመጀመሪያ ጊዜ ጠቀመ። ቤቱ እንዳለ ዝቅ አለ። ሰው ሁሉ በጉልበቱና በክርኑ እያቃሰተ ሲድህ ሽቦው የጉልላቱን አፍ ታክኮ አለፈ። በዚያ በኩል ሲነሡ ሴቶቹ እልል አልን። ቄሱ ጉልበታቸውን እያራገፉ «ከሑዳዴ ስግደት ይህ ይብሳል» ሲሉ አብሯቸው የተሸከመው የመስጊዱ ሙአዚን ነበር «አሚን» ያለው።

ይሄ ሁሉ ግን ጊዜ በላ። ዳገቱ አናት ስንደርስ ፀሐይ ወደ ወጨጫ ተራራ ወርዳ ነበር። ቦታው ላይ ኦቦ መገርሳ እጃቸውን አጣምረው ቆመዋል። ኦቦ መገርሳ የዚሁ የኮልፌ ተወላጅ ናቸው፤ እኛ የምንሻማበት ሜዳ ላይ ቅድመ አያታቸው ከብት አግደውበታል። ከሳቸው የሚረዝም ሰው ሠፈሩ ውስጥ የለም። የአዲሱን ቤት ቋሚዎች አቁመው፣ ምድሩን ደልድለው፣ ምሰሶውን ከጉድጓዱ አጠገብ አጋድመው ጨርሰዋል። ትንሽ ራቅ ብሎ የወልደ አማኑኤል የጭነት መኪና ቆሟል፣ አጠናና ቆርቆሮ እንደጫነ። ሰውየው ሰዓቱን እያየ ነበር።

«አንሡ» አሉ ኦቦ መገርሳ። «ባላ አግቡበት። በቋሚው ላይ አሳልፉት።»

ክዳኑ በባላ ተገፍቶ ወደ ላይ ወጣ። ተሸካሚዎቹ በቋሚዎቹ መሐል እየሾለኩ ወደ ውስጥ ገቡ። «አሳርፉ» አሉ። በምሥራቅ በኩል አረፈ። በምዕራብ በኩል ስንዝር ጎደለ። «ወደዚህ ሳቡት» አሉ። በምዕራብ በኩል አረፈ፤ በምሥራቅ ወደቀ። እንደገና ሳቡት። ያው ነው። ቋሚዎቹ ክዳኑን ከበውት ቆሙ እንጂ አልያዙትም። የድስት ክዳን ከድስቱ ሲያንስ አይታችሁ ከሆነ እንደዚያ ነው።

ኦቦ መገርሳ ክንዳቸውን ከክርናቸው እስከ ጣታቸው ጫፍ ዘርግተው አዩት።

ነገሩ የገባኝ ያኔ ነው። ከጥቂት ቀን በፊት ወርዱን ሲጠይቁ እትዬ ሃጂራ «አብደላ አሥራ ሁለት ክንድ ነው ይል ነበር» ብለዋቸዋል። ኦቦ መገርሳም አሥራ ሁለት ክንድ ለኩ። ወልደ አማኑኤል በዚያ ሲያልፍ አይቶ ሜትሩን መዝዞ «በዚህ ልለካላችሁ እንጂ» ብሎ ነበር፤ ይሄን አልክድም። ኦቦ መገርሳ ግን «ክንዴን ቤት ረስቼው አልመጣሁም» አሉት፣ እኛም ሳቅንበት። አብደላ እኮ አጭር ሰው ነበር። ሲያወራ እኔን ሽቅብ ነው የሚያየኝ። ክንድ ሁሉ ክንድ ነው ብለን የአንዱን ቤት በሌላው ክንድ ሠራነው፤ ትክክለኛው ክንድ ከባለቤቱ ጋር ተቀብሯል።

«ጥፋቱ የኔ ነው» አሉ ኦቦ መገርሳ። «አውርዱት። ነገ ቋሚውን ነቅዬ ወደ ውስጥ አስገባዋለሁ።»

«ነገ?» አለች አልፊያ። ድምጿ ተሰበረ። «ኦቦ መገርሳ፣ ፀሐይዋን አላዩአትም?»

ሁሉም ወደ ወጨጫ ዞረ። ፀሐይዋ ተራራው ላይ ቁጭ ብላለች። ቋሚ ነቅሎ፣ ጉድጓድ ቆፍሮ፣ መልሶ መትከል ቀርቶ አንዱን እንኳ መነቅነቂያ ጊዜ የለም። ክዳኑ ሥር ያሉት ሰዎች ትከሻቸው እየራደ ነው። አንዱ «እናውርደው ወይስ?» አለ። እኔ ገሌን ይዤ ማልቀስ ጀመርኩ፤ አላፍርበትም። ያ ሁሉ መንገድ፣ ያ ሁሉ ሰው፣ ለስንዝር።

እትዬ ሃጂራ ግን አላለቀሱም። ጎንበስ ብለው በሁለት ቋሚዎች መሐል ገቡና ክዳኑ ሥር ቆሙ። ከውስጥ ሲናገሩ ሰማናቸው።

«ኦቦ መገርሳ፣ የግድግዳ ሥራው ምንድነው?»

«ክዳን መያዝ ነዋ፣ ሃጂራ።»

«አሁን የያዘው ማነው?»

ኦቦ መገርሳ ወደ ተሸካሚዎቹ ዞሩ። ተሸካሚዎቹም እርስ በርስ ተያዩ።

«ምሰሶውን አቁሙልኝ» አሉ እትዬ ሃጂራ። «እናንተ ደግሞ እንደ ቋሚ ዙሪያውን ቁሙ። ብዙነሽ፣ እሳቴን አምጪ።»

አንዳንድ ቃል አለ፣ ሰው ሲሰማው ጉልበቱ የሚመለስለት። ዳኛቸው ካፖርቱን አውልቆ መሬት ላይ ጣለና «ክብ ሥሩ!» ብሎ ራሱ ከበሩ በስተቀኝ ገባ። የምሰሶው ጫፍ የክዳኑን እምብርት አገኘ፣ ግርጌው ጉድጓዱ ውስጥ ገባ። ምሰሶ ግን መሐሉን ይይዛል እንጂ ዳሩን አይችልም። ዳሩን ሰው ያዘው። ኦቦ መገርሳ በቁመታቸው ሁለት ሰው ተኩ። ቄሱ፣ ሙአዚኑ፣ ተማሪው፣ ሹፌሩ፣ የእድሩ ሰው ሁሉ ጀርባቸውን ወደ ውጭ ሰጥተው ፊታቸውን ወደ ምድጃው አዞሩ። ሰው በጎደለበት ቦታ ሴቶቹ ገባን። አልፊያ ነጠላዋን አሸርጣ በሁለቱ ወንዶች መሐል እጇን ዘረጋች።

እኔ ጉልቻዎቹን አስተካከልኩና ፍሙን ገለበጥኩት። አመዱን ስገልጠው ውስጡ አንዲት ቀይ ዓይን ቀርታለች፣ ከስንዴ ፍሬ አትበልጥም። እፍ አልኩ። ደረቅ ሣር ጨመርኩ። እፍ አልኩ። ሰው ሁሉ ትንፋሹን ይዞ የኔን ትንፋሽ ይጠብቃል። ሲያያዝ እርጥብ የባሕር ዛፍ ቅጠል ጣልኩበት፤ የሚፈለገው ጭስ ነውና። ጭሱ መጀመሪያ የሞላው የሰዎቹን ዓይንና አፍንጫ ነው። «ብዙነሽ፣ ልታጥኚን ነው ልታጨሺን?» አለኝ ዳኛቸው እየሳለ። ከዚያ ጭሱ በሣሩ መሐል መንገዱን አገኘ። ውጭ የነበሩ ሕፃናት ሲጮኹ ሰማሁ፣ ወጣ፣ ወጣ እያሉ።

ቀኛዝማች ኃይለ መስቀል በበቅሏቸው ደረሱ። ወልደ አማኑኤል ከጎናቸው በእግሩ ይሄዳል።

«ቀኛዝማች፣ ግድግዳ የለውም እኮ» ሲል ሰማሁት። «ሰው ነው የያዘው። ይሄ ቤት አይባልም፣ ሸክም ነው።»

ቀኛዝማች ከበቅሏቸው ወረዱ። በርኖሳቸውን ሰብስበው በበሩ ቦታ ገቡና ዙሪያውን አንድ በአንድ አዩ። በሳቸው ፊት ያልተነሣ ሰው አልነበረም፤ ቀድሞም ሁሉ ቆሟል። ከምድጃው አጠገብ ካለው ድንጋይ ላይ ተቀመጡ።

«ሃጂራ፣ እንግዳ ቤትሽ ሲገባ ምንም አታቀምሽም?» አሉ።

እትዬ ሃጂራ ከመቀነታቸው ለመንገድ የያዙትን የገብስ ቆሎ ፈቱና በሁለት እጃቸው አቀረቡ። ቀኛዝማች ዘገኑ። እህህ፣ ያ ቆሎ። ቀኛዝማች የቀሯቸው ጥርሶች ጥቂት ናቸው፤ አንዷን ፍሬ ከአንዱ ጉንጭ ወደ ሌላው እያዞሩ፣ እያለዘቡ፣ ቀስ ብለው ያኝካሉ። የተማሪው ጉልበት ይንቀጠቀጣል። የሹፌሩ ላብ በአፍንጫው ጫፍ ይንጠባጠባል። የዳኛቸው አንገት ጅማት ተገትሯል፤ ዓይኑ ግን ከሳቸው ላይ አልተነሣም። አንዴ ክዳኑ በአልፊያ በኩል ዘመም አለ፤ ኦቦ መገርሳ እጃቸውን ብቻ ዘርግተው መለሱት። ቀኛዝማች አዩ፤ ያላዩ መስለው ሌላ ቆሎ ዘገኑ። እንደዚያ ያለ ረጅም ምግብ በዕድሜዬ አላየሁም።

በመጨረሻ እጃቸውን አራገፉ።

«አባቴ ጭስ አየ እንጂ ግድግዳ አልቆጠረም» አሉ። «ቢቆጥር ኖሮም እንዲህ ያለ ግድግዳ አያገኝም። እኔ እዚህ ቤት ገብቼ በልቻለሁ። መሬቱ የሃጂራ ነው።»

እልልታው ሊወጣ ሲል እጃቸውን አነሡ።

«ቆዩ። ደስታው ሳይጥለው አንድ ነገር ልበል። ወልደ አማኑኤል፣ ያ መኪናህ ላይ ያለው አጠና ለምንድነው?»

ወልደ አማኑኤል አንገቱን ደፋ። ሁሉም ያየዋል፤ ከሥሩ ቆመው የሚያዩት ደግሞ እጃቸው ሙሉ ነው። ከዚያ ኮቱን አወለቀ፣ ሜትሩን ከኪሱ አወጣ።

«ስንት ይጎድላል?» አለ።

«ስንዝር» አሉ ኦቦ መገርሳ።

«የማን ስንዝር?»

ኦቦ መገርሳ ሳቃቸው መጣ፤ ክዳኑ ከሳቸው ጋር ተንቀጠቀጠ። «በል በዚያ በብረትህ ለካው። ቢያንስ እሱ አይሞትም» አሉት።

እንደዚያ ሆነ። ወልደ አማኑኤል ለካ፣ ሰው ቆፈረ፣ አጠናው አንድ በአንድ ከመኪናው ወረደ። አንድ አጠና በቆመ ቁጥር አንድ ሰው ይለቀቃል። እትዬ ሃጂራ እየዞሩ በእጃቸው መታ መታ ያደርጉታል፤ «ይሄ ቄሱ ነው» ይላሉ። «ይሄ ሹፌሩ ነው። ስምህ ማነው ልጄ? ጌታቸው? ይሄ ጌታቸው ነው» ይሉታል ተማሪውን። ኦቦ መገርሳ ሁለት አጠና ወሰዱ። ሁሉም ተለቅቆ መጨረሻ የቀረው ዳኛቸው ነበር፤ ከበሩ በስተቀኝ። አጠናው ከጎኑ ሲቆም እጁን ማውረድ አቃተው፣ ደርቆበታል። እኔና አልፊያ ነን ይዘን ያወረድንለት።

«ይሄ ዳኛቸው ነው» አሉ እትዬ ሃጂራ።

ዛሬ ያ ቤት ሣር የለበትም። ክዳኑ ቆርቆሮ ሆኗል፣ አምፑል ተንጠልጥሎበታል፣ መደቡ ላይ ሬዲዮ አለ። የጥዱ ምሰሶና ከቆርቆሮው ሥር ያለው የአብደላ እስር ግን ያው ናቸው፤ ፍሙም በየማታው ይዳፈናል። እኛም ኋላ ዳገቱ ላይ ከጎናቸው ሠርተን ገብተን ነበርና፣ ግድግዳው ተመርጎ በየዓመቱ ሲለቀለቅ እትዬ ሃጂራ በአጥሩ ላይ ይጣሩ ነበር፤ «ብዙነሽ፣ ነገ ዳኛቸውን እለቀልቀዋለሁ፣ ጎኑ ተሰነጣጥቋል» ይላሉ። እሱም ከውስጥ «ለካ ጎኔን የሚያሳክከኝ እሱ ነው» ይል ነበር።

ዳኛቸው ከብዙ ዓመት በኋላ ታሞ ሞተ። ጡሩምባውን ሌላ ሰው ነፋለት፤ እሱ ያስተማረው ስለሆነ በደንብ ነፋው። ድንኳኑ ፈርሶ ሰው ሁሉ ወደ ቤቱ ሲበተን እኔ ደጄ ላይ ተቀመጥኩ። ወደ ውስጥ መግባት አቃተኝ። እትዬ ሃጂራ መጡ። ጎብጠዋል፣ በትር ይዘዋል። እጄን ይዘው በአጥሩ ቀዳዳ አሳልፈው ቤታቸው አስገቡኝና ከበሩ በስተቀኝ፣ ግድግዳው ሥር አስቀመጡኝ።

«ተደገፊው» አሉኝ። «ከዚያን ቀን ጀምሮ አልተቀመጠም።»

ተደገፍኩት። ቆሟል።